የአክትረሷ ቤት፣ ሐዋሳ፦ አሳው ከ5 5፣ ሽንት ቤቱ ከ5 2

ሰላም ናችሁ። እኔ ሪቪው ጽፌ አላውቅም፣ የሰው አንብቤ ሄጄ በልቼ ዝም ነው የምለው፣ ግን ዱሮ ፊልም ትሠራ የነበረች ሴትዮ አሳ ስለምትጠብስባት ስለዚህች ቤት ሰው ሁሉ የፊልም ፖስተሮቹን ፎቶ አንስቶ "ዋው አክትረስ አገኘን" ብቻ እያለ ሲለጥፍ ስላየሁ ኧረ ስለ አሳውም አንድ ሰው ያውራ ብዬ ነው። ያው እኔም ስለ ሴትየዋ ሳላወራ አልጨርስም፣ አውቀዋለሁ።

አድራሻ። ቤቷ ታፔላ የላትም። አሞራ ገደል (ሐይቁ ዳር ያለው የአሳ ገበያ) አካባቢ ሆናችሁ ባጃጅ ያዙና "አክትረሷ ጋ" በሉት፣ ካላወቀ ልጁ ለከተማው አዲስ ነው፣ ውረዱና ሌላ ያዙ። አረንጓዴ የቆርቆሮ በር ነው፣ ግቢው ውስጥ ትልቅ የአቮካዶ ዛፍ አለ፣ ጠረጴዛዎቹ ከዛፉ ስር ናቸው፣ 7 ጠረጴዛ ብቻ። ዝናብ ከመጣ ሁሉም ሰው ሳሎን ውስጥ ይታጨቃል፣ እሱን ወደ ኋላ እመጣበታለሁ።

እኔ ያገኘኋት ዓምና ሐምሌ 19 ነው። ሐዋሳን በገብርኤል ቀን የሚያውቅ ያውቃል፣ ከየአገሩ ሰው ይጎርፋል፣ አልጋ የለም፣ ምግብ ቤት ወንበር የለም፣ ከአዲስ አበባ የመጡ ሁለት የአክስቴን ልጆች ይዤ ከአንዱ ወደ አንዱ ስንንከራተት 8 ሰዓት ሆነ፣ አንዷ ሂል ጫማ አድርጋለች፣ ልታለቅስ ምንም አልቀራት። አንድ የባጃጅ ልጅ አዘነልን መሰለኝ "ፊልም ላይ ነርስ የምትሆነዋ ሴትዮ ጋ ላድርሳችሁ?" አለን። ነርስ ምናምን ሲል ክሊኒክ መስሎኝ ነበር።

ምግቡ አራት ዓይነት ነው፣ በቃ። አሳ ጥብስ፣ አሳ ጉላሽ፣ አሳ ዱለት፣ አሳ ሾርባ። ሜኑ የለም፣ የምታስተናግደው ልጅ መጥታ በቃሏ ትነግራችኋለች። ጥብሱ ቆሮሶ (ቲላፒያ) ነው፣ ሙሉውን፣ ጎንና ጎኑን አክትረሷ ራሷ በቢላ ትተለትለዋለች፣ ጨውና ሎሚ ትንሽ ዱቄት፣ ዘይቱ በደንብ ሳይግል አትከተውም። ጅራቱና ክንፉ እንደ ቆሎ ይቆረጠማል፣ ውስጡ ግን ነጭ ሆኖ ጣት ሲነካው ከአጥንቱ ይለቃል። ብዙ ቤት እኮ አሳ ሲጠብሱ ወይ ያደርቁታል ወይ አጥንቱ ጋ ደም ይቀራል፣ እዚህ እስከ ዛሬ አንድ ቀን አላጋጠመኝም፣ እና ቢያንስ 15 ጊዜ ሄጃለሁ።

ጉላሹ አምባዛ ነው። አምባዛ ቅርፊት ስለሌለው የማይበላ ብዙ ሰው አለ፣ በተለይ ትልልቅ ሰዎች፣ እና ይሄ ነገር ደስ ያለኝ ልጅቷ ጉላሽ ስታዙ "አምባዛ ነው፣ ትበላላችሁ?" ብላ ትጠይቃለች። ሌላ ቦታ ዝም ብለው ያቀርባሉ፣ እኔ አንድ ቀን አንዱ ቤት የእናቴን ወንድም ጋብዤ ከበሉ በኋላ አምባዛ መሆኑን ሰምተው ለአንድ ወር አላናገሩኝም። እሺ ካላችሁ ግን ብሉት፣ የአምባዛ ሥጋ ጠንከር ስለሚል ድስት ውስጥ አይፈርስም፣ ቁሌቱም በደንብ የበሰለ ነው፣ ጥሬ ሽንኩርት የሚሸት ነገር የለውም።

ዳጣው (የቃሪያ ማባያው)! ሁለት ዓይነት ነው፣ ቀይና አረንጓዴ፣ አረንጓዴው ቃሪያ ከነጭ ሽንኩርት ከዝንጅብልና ከበሶብላ ጋር ተወቅጦ ነው የሚመጣው፣ በብሌንደር አይደለም፣ ሙቀጫው ግቢው ውስጥ ነው፣ ድምፁ ይሰማችኋል። የአክስቴ ልጅ (ሂሏ) በማንኪያ ብቻውን ስትበላ አይቻለሁ።

ሾርባው ደህና ነው። አሞራ ገደል ላይ በኩባያ ከሚሸጠው አይበልጥም፣ እሱን የሚበልጥ ሾርባ ያለም አይመስለኝም።

አሳውን ራሷ ነው የምትገዛው። ጠዋት 12 ሰዓት ተኩል ላይ አሞራ ገደል ብትሄዱ ጀልባዎቹ ሲገቡ አባ ኮዳ የሚባሉት ትልልቅ ወፎች መሃል ቆማ ስትከራከር ታገኟታላችሁ፣ አንዱ አባ ኮዳ ቁመቱ እሷን ያክላል። ቆሮሶው ከዱሮው አንሷል ትላለች፣ ዓይኑ ጠባብ በሆነ መረብ ጫጩቱን ሁሉ ስለሚያወጡት ነው፣ ስለዚህ አንዳንድ ቀን ትልቅ ካላገኘች ጥብስ የለም ትላለች፣ ትንንሹን ደርድራ አትሸጥላችሁም። ዋጋ ጥብስ 450፣ ጉላሽ 400፣ ሾርባ 120፣ ቡና 40። ለሐዋሳ ርካሽ ነው ማለት አይቻልም ግን ሐይቁ ዳር ካሉት ትልልቅ ቤቶች ጋር ስታስተያዩት ሳቅ ነው።

እሺ አሁን ፖስተሮቹ።

ሳሎኑ ግድግዳ ላይ 11 የፊልም ፖስተር አለ። ሰው ገብቶ መጀመሪያ የሚያደርገው እሷን መፈለግ ነው፣ እና አያገኛትም። በ8ቱ ላይ ፊቷ የለም። በ2ቱ ላይ ከታች ጥግ ላይ ቴምብር የምታክል ጉርድ ፎቶ አለች። በአንዱ ላይ ሙሽሮቹ ኋላ ቆማ ግማሽ ፊቷ በሙሽራዋ ቬል ተሸፍኗል። እኔም መጀመሪያ ቀን "የታለሽ?" ልላት አፌ ላይ ደርሶ ነበር፣ ደግነቱ አንቱ ብዬ ነው የጀመርኩት፣ እሷም ሳቀች፣ "አንቱ የሚያስብል ሮል ሰጥተውኝ አያውቁም፣ አንቺ በለኝ" አለችኝ።

ከዚያ ወዲህ በየሄድኩበት ቡና ስትቀዳ ትንሽ ትንሽ ነግራኛለች፣ እኔ ልገጣጥመው። የሐዋሳ ልጅ ናት፣ ያኔ አዋሳ ነበር የሚባለው፣ ትምህርት ቤት የድራማ ክበብ ውስጥ ሁሌ እናት ሆና ነው የምትሠራው ምክንያቱም ነጠላ መልበስ የምትችለው እሷ ብቻ ነበረች። 1997 ላይ አዲስ አበባ ገባች። ጊዜው ለፊልም ጥሩ ጊዜ ነው፣ የመጀመሪያው ረጅም የአማርኛ ፊልም በ1957 ከታየ በኋላ እኮ ለስንት ዓመት ፊልም ማለት በጣት የሚቆጠር ነበር፣ ሴሉሎይድ ውድ ነው፣ ውጭ አገር ተልኮ ነው የሚታጠበው፣ ቪዲዮና ዲጂታል ካሜራ ሲመጣ ግን ቤቱን ሸጦም መኪናውን ሸጦም ፕሮዲዩሰር የሚሆን ሰው በዛ። አምባሳደር ሲኒማ በር ላይ የነበረውን ሰልፍ የምታስታውሱ ታስታውሳላችሁ። ግን ብሩን ያወጣው ሰው ብሩን ማስመለስ ስላለበት ፖስተሩ ላይ ሰው የሚያውቃቸው ሁለት ፊቶች ይፈልጋል፣ ስለዚህ እነዛው አራት አምስት ሰዎች እየተቀያየሩ ይፋቀራሉ፣ ለሌላው የሚተርፈው ነርስ፣ ሠራተኛ፣ ጸሐፊ፣ የሙሽራ ጓደኛ ነው።

እሷ ነርስ ደረሳት። የመጀመሪያዋ 1999 ላይ፣ 300 ብር፣ ሁለት ዓረፍተ ነገር፣ "ቤተሰብ ነዎት? ዶክተሩ ይፈልግዎታል"። ለእሷ ቀን ለብሳ እንድትቀርብ መርካቶ ሄዳ ነጭ ጋውን በራሷ ብር ገዛች፣ ያኔ ብዙው ትንንሽ ተዋናይ ልብሱን ከቤቱ ነው የሚያመጣው። ከዚያማ ወሬው ተሰማ፣ "ጋውን ያላት ልጅ አለች" ተባለ፣ ሆስፒታል ያለበት ፊልም በመጣ ቁጥር ይደወልላታል። አራት ፊልም ላይ ነርስ ናት፣ አራቱም ላይ ያው ጋውን ነው፣ ሦስተኛው ላይ ኪሱ ላይ የቀለም ነጠብጣብ አለ፣ አራተኛውም ላይ አለ፣ እኔ ቤት ሄጄ ዩቲዩብ ላይ አይቼ አረጋግጫለሁ። ኩሽና ገብታችሁ ካያችኋት አሁንም እሱን ነው ለብሳ የምትጠብሰው፣ ነጭ ማለት ግን ይከብዳል።

እኔ እውነቱን ልናገር፣ ያገኘሁትን ሁሉ አይቻለሁ፣ ትልቅ ተዋናይት ተደብቃ ቀረች የሚባል ነገር አይደለም። ኮሜዲው ላይ እንዲያውም ትጮሃለች፣ ዓይኗን ታጉረጠርጣለች፣ ያኔ ኮሜዲ ማለት ሁሉም እንደዛ ነው የሚሠራው ግን አሁን ስታዩት ይደክማል። ነርሷ ላይ ጥሩ ናት፣ ነርስ ትመስላለች፣ በቃ። አንድ ቦታ ላይ ግን ያዘችኝ። የቲቪ ድራማ ነው፣ ሦስት ክፍል ላይ ብቻ የቤት አከራይ ሆና ትታያለች፣ ልጁ የቤት ኪራይ ይዞ ይመጣና ይሰጣታል፣ ቆማ ትቆጥራለች፣ አታየውም፣ አትናገርም፣ ካሜራው ዝም ብሎ እሷ ላይ ነው፣ ቆጥራ ቆጥራ አንዷን የተቀደደች 10 ብር መዝዛ ትመልስለታለች። ሌላ ምንም የለም። እኔ ተከራይ ሆኜ ስለኖርኩ ነው መሰለኝ ሆዴ ተገለባበጠ። ያ ድራማ ሲታይ መንገድ ላይ "አከራይዋ!" እያሉ ይጠሯት ነበር፣ አንድ ታክሲ ረዳት ሂሳብ ሲመልስላት አንዷን አሮጌ ብር "ይቺ ትቀየርልሽ?" አላት፣ ይሄንን ስትናገር እንደ ሽልማት ነው የምታወራው።

የሽልማት ነገር ሲነሳ፣ የጉማ የፊልም ሽልማት ከ2006 ጀምሮ ሲካሄድ አንድም ዓመት አላመለጣትም፣ በቲቪ። "ምርጥ ረዳት ተዋናይት" ሲባል ተነስታ ወደ ኩሽና ትሄዳለች አለችኝ ልጅቷ፣ እሷ ራሷ አልነገረችኝም።

አሁን ወደ ዋናው ነገር። የ11ኛው ፖስተር፣ በሩ አጠገብ ያለው፣ 2003። ይሄኛው ላይ እውነተኛ ሮል ነበራት፣ የዋናው ተዋናይ እህት፣ አምስት ሲን፣ ዘጠኝ ቀን ቀረጻ። ነርስ ያልሆነችበት፣ ስም ያላት፣ የምታለቅስበት ቦታ ያለው። አንዷን የለቅሶ ሲን ከሌሊቱ 9 ሰዓት ላይ ጀነሬተር እየጠፋ እየበራ ስድስት ጊዜ ደጋግመው ነው የቀረጿት። ለፕሪሚየሩ እናቷን ከሐዋሳ አስመጣች፣ 275 ኪሎ ሜትር በአውቶቡስ፣ ሴትየዋ ሲኒማ ገብተው አያውቁም፣ የሐበሻ ቀሚሳቸውን ለብሰው ሬድ ካርፔቱን ጫማቸውን አውልቀው ሊያልፉ ነበር አለች። ፊልሙ ተጀመረ። የመጀመሪያው ሲኗ መምጣት ያለበት ቦታ አልፏል፣ ሁለተኛውም አልፏል። ኤዲቲንግ ላይ ፊልሙ ረዝሞ ታሪኳ በሙሉ ወጥቷል፣ እና ማንም አልነገራትም። የቀረው አንድ ሾት ነው፣ ወንድምየውና ፍቅረኛው ሲያወሩ በጎን አንድ እጅ ጀበና ይዞ ይገባና ቡና ይቀዳል፣ አራት ሰከንድ ቢሆን ነው።

መብራት ሲበራ እናቷን ቀና ብላ ማየት አቃታት። እናትየው ግን እጇን ያዙና አውራ ጣቷ ስር ያለውን የልጅነት የእሳት ጠባሳ እየዳሰሱ "አይቼሻለሁ፣ ይሄ አይደል እንዴ፣ ቅቤ የቀባሁት እኔ አይደለሁ" አሏት።

ይሄንን ስትነግረኝ በዛው እጇ ቡና እየቀዳችልኝ ነበር፣ እኔ ደግሞ ምን እንደሚባል ጠፋኝና "ስኳር አታብዢው" አልኳት።

ከዚያ በኋላ ያለው ያው የብዙዎቹ ታሪክ ነው፣ ባጭሩ። 2008 ላይ ቃና ቲቪ ሲጀምር የውጭ ድራማ በአማርኛ ተተርጉሞ ማታ ማታ ቤቱን ሁሉ ያዘው፣ የዘርፉ ሰዎች ተሰብስበው ተቃወሙ፣ እሷም ስብሰባው ላይ ኋላ ተቀምጣ ነበር፣ በሳምንቱ ግን አንዱ የዳቢንግ ስቱዲዮ ሄዳ ድምፅ ተፈተነች፣ "ምን ላድርግ፣ ኪራይ አለብኝ" ትላለች። ለጥቂት ወራት ለአንዲት ቱርካዊት አክስት አለቀሰች። ቱርክኛም እንደኛ ግሱ መጨረሻ ላይ ስለሚመጣ ለቅሶውና ቃሉ እኩል ያልቃል፣ በእንግሊዝኛ ቢሆን መከራ ነበር ትላለች፣ ይሄ ነገር በጣም ነው የገረመኝ፣ ማንም አስቦበት አያውቅም። ከዚያ 2012 መጋቢት ኮሮና መጣ፣ ሲኒማ ቤት ተዘጋ፣ የተጀመሩ ቀረጻዎች ቆሙ፣ እናቷም ታመው ስለነበር ሻንጣዋን ይዛ ወደ ሐዋሳ መጣች። አሳው የእናትየው ሙያ ነው። ግቢውም የእሳቸው ነው፣ አሁን በሕይወት የሉም።

እና ለምንድነው ይሄን ሁሉ የማወራው ብትሉ፣ ሰርቪሱን ለማስረዳት ነው። ቤቷ የምትሄደው እንደ ቀረጻ ነው። ልጅቷ ሳህን ስታነሳ እንኳ ቦታውን ታያለች፣ ዳጣው ሁሌ በቀኝ፣ ሎሚው ሁሌ በግራ፣ ወንበር ተንቀሳቅሶ አያድርም። ኮንቲኑቲ ነው ትለዋለች፣ ቀረጻ ላይ የሻይ ብርጭቆው ግማሽ ከነበረ ከሦስት ቀን በኋላም ግማሽ መሆን አለበት፣ ያንን የሚያስታውሰው ሰው ከሌለ ትንንሾቹ ተዋናዮች ናቸው የሚያስታውሱት ምክንያቱም ቀኑን ሙሉ ቁጭ ብለው ተራቸውን ሲጠብቁ ሌላ የሚያዩት ነገር የለም። እኔ ሁለተኛ ቀን ስሄድ ከአራት ወር በኋላ ነው፣ "ያኔ ሰማያዊ ሹራብ ለብሰህ እዛ ጋ ነበርክ፣ ሾርባህን ግማሹን ትተኸዋል፣ ምን ሆኖ ነው?" አለችኝ። ደነገጥኩ እኮ። ሾርባው ጨው በዝቶበት ነበር፣ ነገርኳት፣ ወደ ልጅቷ ዞር ብላ "አላልኩሽም?" አለቻት።

ቡናው ደግሞ የበንሳ ነው፣ ግቢ ውስጥ ነው የሚቆላው፣ አቦል ጠጥታችሁ አትሩጡ። ከበረካ በፊት ሂሳብ ብትጠይቁ ትመጣለች ግን ፊቷ ይቀየራል። ሂሳብ ስትቀበል ብሩን ቆማ ዝም ብላ ትቆጥራለች፣ ድራማውን ያየ ሰው ሳቁን መቆጣጠር አይችልም፣ የተቀደደ ብር ግን ይዛችሁ አትሂዱ፣ የምሬን ነው።

አሁን ወቀሳ፣ ምክንያቱም ሁሉ ነገር አሪፍ ነው የሚል ሪቪው አላምንም። አንደኛ ይቆያል። 40 ደቂቃ የተለመደ ነው፣ ቅዳሜ አንድ ሰዓትም ጠብቄያለሁ፣ አንድ ምጣድ አንድ ሰው ነው፣ ርቧችሁ አትሂዱ። እሷ መጠበቅ ስለለመደች ሰውም የለመደ ይመስላታል። ሁለተኛ ሽንት ቤቱ ጓሮ ነው፣ ንፁህ ነው ግን መብራት የለውም፣ በስልክ መብራት ነው የምትገቡት፣ በሩም ከውስጥ በገመድ ነው የሚታሰረው። ይሄን ሁሉ ጊዜ አንድ አምፖል! ነግሬያታለሁ፣ "እሺ" ትላለች። ሦስተኛ ዝናብ ሲዘንብ ሳሎኑ ውስጥ ያለው ቲቪ ላይ የዱሮ ፊልሞች ይከፈታሉ፣ የምትከፍተው እሷ አይደለችም፣ ደንበኞቹ ናቸው "የታለች፣ የታለች" እያሉ፣ ሰላሳ ሰው አንድ ክፍል ውስጥ፣ የአሳ ሽታ፣ ጩኸት፣ ራስ ምታት። ቴሌብር ትቀበላለች ግን ኔትወርኩ ግቢው ውስጥ ይጠፋል፣ በሩ ላይ ወጥቶ መላክ ነው፣ ካሽ ያዙ።

ለሰልፊ የምትሄዱ ደግሞ እባካችሁ፣ ምጣዱ ላይ እያለች አትጥሯት። ባለፈው አንዷ ቲክቶክ ልቅረጽ ብላ ጎትታ አውጥታት "የፊልሙን ነርስ አድርጊልን" ስትላት አየሁ፣ ሴትየዋም ጋውኗን አስተካክላ "ቤተሰብ ነዎት? ዶክተሩ ይፈልግዎታል" አለቻት፣ በትክክል፣ በዛው ድምፅ፣ ግቢው ሁሉ አጨበጨበ፣ የእኔ ቆሮሶ ግን አረረ። በኋላ ሌላ ጠበሰችልኝ፣ አላስከፈለችኝም፣ ቢሆንም።

ምን ትዘዙ ለምትሉኝ፦ ለሁለት ሰው አንድ ጥብስና አንድ ጉላሽ ይበቃል፣ አረንጓዴውን ዳጣ በድጋሚ ጠይቁ፣ ከ6 ሰዓት ተኩል በፊት ድረሱ ከዚያ በኋላ ትልቁ ቆሮሶ ያልቃል። በጾም ሰሞን ይጨናነቃል፣ አሳ ይጾማል አይጾምም የሚለውን ክርክር እዚህ አንጀምር። ዛፉ ስር ያለችው የጥግ ጠረጴዛ ምርጧ ናት ግን አቮካዶ ሲበስል ይወድቃል፣ አንዱን ሰውዬ ሾርባው ውስጥ ሲወድቅበት አይቻለሁ። ማክሰኞ ዝግ ነው፣ በሩ ላይ ምንም አይጻፍም፣ እኔ ሁለት ጊዜ ሄጄ ተመልሻለሁ።